ልብ ወለዱ የወጣው ከቅኔ ቤት ነው፦ ለአንድ ሰባኪ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ብዙ ሰው እየተቀባበለ ያነበበው አንድ ጽሑፍ እኔም ዘንድ ደረሰ። ጸሐፊው ሰባኪ ናቸው፤ ክርክሬ ከሐሳቡ እንጂ ከሰውየው አይደለምና ስማቸውን አላነሣም። የጽሑፉ ፍሬ ነገር እንዲህ ነው። በአማርኛ የሚጻፍ ልብ ወለድ ከውጭ የገባ ባዕድ ነው። ፈጠራ ውሸት ስለሆነ ቅዱስ መጽሐፍ ይከለክለዋል። ዘማዊውንና ሽፍታውን ጀግና ያደርጋል። በካህናት ይሳለቃል። የጸሎት ጊዜ ይሻማል፤ ወጣቱንም ከቤተ ክርስቲያን አስኮብልሏል። አሁን ደግሞ ገዳማትን የሐሰት ምሥጢር ማከማቻ አድርጓቸዋል። መፍትሔ ያሉት፣ ምእመኑ ገድልና ተአምር ብቻ እንዲያነብ፣ ለሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶችም የተፈቀዱ መጻሕፍት ዝርዝር እንዲወጣላቸው ነው።

ከእነዚህ ክሶች አንዱ ልክ ነው፤ እርሱን ወደ ኋላ አቆየዋለሁ። ሌሎቹን ሳነብ ግን ጸሐፊው የሚሟገቱላት ቤተ ክርስቲያን ምን ስታነብ፣ ምን ስትተርክ፣ ምን ስታስቀኝ እንደኖረች የዘነጉ መሰለኝ።

በባዕድነቱ ልጀምር። የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ የሚባለው የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ሥራ፣ “ጦቢያ”፣ በ1900 ዓ.ም. የታተመው በእርግጥም ሮም ላይ ነው። ሰባኪው “ሮም” የምትለውን ቃል ይዘው ረዥም መንገድ ተጉዘዋል። መጽሐፉን ግን የገለጡት አይመስልም። የክርስቲያኑ ጦር ድል ሆኖ፣ የጦር አለቃው ቤተሰብ ተበትኖ፣ ልጆቹ መከራ ሲያዩ ይቆዩና፣ በመጨረሻ ያሸነፋቸው አረማዊ ንጉሥ ልጅቱን ወድዶ ክርስትናን ይቀበላል። ይህን የጻፈ ሰው ሃይማኖት ሊያፈርስ ብዕር አነሣ ማለት ይከብዳል። ስብከት በዝቶበታል የሚል ክስ ቢያቀርቡ ኖሮ እኔም አብሬ እፈርም ነበር።

ከአፈወርቅ በኋላ የምናገኛቸው ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ናቸው። እንጦጦ ራጉኤል የተማሩ፣ ቤተ ክህነቱን ከውስጥ የሚያውቁ ሰው ነበሩ። በ1915 ዓ.ም. ያሳተሙት “ወዳጄ ልቤ” ሰው ከገዛ ልቡ ጋር እየተነጋገረ በዚህ ዓለም የሚያደርገውን ጉዞ በምሳሌ የሚናገር መጽሐፍ ነው። የእንግሊዛዊውን ሰባኪ የጆን በንያንን ፈለግ የተከተለ መሆኑ አይካድም። ታዲያ ይህ ከውጭ መጣ ተብሎ የሚያስወነጅል ከሆነ፣ ጣጣው ከኅሩይም ከአፈወርቅም ብዙ ቀድሞ ይጀምራል።

ተአምረ ማርያም ወደ ግእዝ የተመለሰው በዐፄ ዳዊት ዘመን ከዐረብኛ ነው። ከታሪኮቹ ብዙዎቹ ወደ ዐረብኛው የደረሱት ደግሞ ከምዕራብ አውሮፓ ተነሥተው ነው። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በየበዓሉ እንዲነበብ ሲያዝዙ መነሻው የፈረንጅ አገር መሆኑ አላገደውም። ሊቃውንቱ ተቀበሉት፣ የራሳቸውን አገር ተአምራት እየጨመሩ አሳደጉት፣ ዛሬ ከኛ በላይ ባለቤት ያለው አይመስልም።

ከዚህ ይበልጥ የሚገርመኝ የበርለዓምና የይዋስፍ መጽሐፍ ነው። አንድ ንጉሥ ልጁ ሕመምን፣ እርጅናንና ሞትን እንዳያይ በቤተ መንግሥት ዘግቶ ያሳድገዋል። ልጁ ግን አንድ ቀን ይወጣል፤ በሽተኛውን፣ ሽማግሌውን ያያል፤ ዓለምን ንቆ ይመንናል። ይህን መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1553፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ የመለሱት የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ ዕንባቆም ናቸው፤ ራሳቸውም ከየመን መጥተው ከእስልምና ወደ ክርስትና የተመለሱ ሊቅ ነበሩ። የታሪኩ ሥር የቡድሃ ሕይወት ነው። ከሕንድ ተነሥቶ፣ በየደረሰበት አገር ቋንቋም ሃይማኖትም እየለወጠ፣ ተጠምቆ እኛ ገዳም ገባ። እጨጌው ይህን ሁሉ ጉዞ ያውቁ ነበር አልልም። የተቀበሉት ግን ታሪኩ የሚለውን ሰምተው እንጂ የመጣበትን አገር ጠይቀው አይደለም።

ወደ “ፈጠራ ውሸት ነው” እንለፍ። ጸሐፊው የጠቀሱት ጳውሎስ ለጢሞቴዎስ በላከው የመጀመሪያ መልእክት ምዕራፍ 4 ላይ ያለውን፣ የአሮጊቶችን ጨዋታ ከሚመስል ተረት ራቅ የሚለውን ነው። ጥቅሱ አለ። ግን ሐዋርያው እዚያው ምዕራፍ ላይ፣ ከጥቂት ቁጥር በፊት፣ የሚያስጠነቅቀው መጋባትን ከሚከለክሉና ከመብል ራቁ ከሚሉ ሐሰተኛ መምህራን ነው። ስለ ሐሰት ትምህርት የተነገረውን ወስደው በልብ ወለድ ላይ ጫኑት። ይህ ጳውሎስ አቴና ላይ ቆሞ ሲሰብክ ምን እንዳደረገም ጸሐፊው በደንብ ያውቃሉ፤ የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 17 ላይ “ከመካከላችሁ ባለ ቅኔዎች አንዳንዶቹ” ብሎ የአሕዛብን ግጥም ለስብከቱ ምስክር አደረገ። ለቲቶ ሲጽፍም የቀርጤሱን ባለ ቅኔ ጠቅሷል። የማያነበውን አይጠቅስም።

ስለ ፈጠራ ደግሞ ነቢዩ ናታን ይናገርልኝ። ዳዊት የኦርዮን ሚስት ወስዶ፣ ባሏን በጦር ሜዳ አስገድሎ ተቀምጧል። ናታን ገብቶ “ንጉሥ ሆይ አመንዝረሃል” አላለውም። ስለ አንድ ባለጠጋና አንዲት በግ ብቻ ስለነበረችው ድሃ ነገረው። ድሃውም፣ ባለጠጋውም፣ በጊቱም የሉም፤ ናታን የፈጠራቸው ናቸው። ንጉሡ በሌለ ሰው ላይ በተፈጸመ ግፍ ተቆጥቶ ሲፈርድ፣ በራሱ ላይ ፈረደ። እውነቱን ፊት ለፊት ቢነግረው ኖሮ ወይ ያስረው ወይ ያስገድለው ነበር። ልብ ወለድ ሲሳካለት የሚሠራው ይህንኑ ነው፤ አንባቢው ራሱን ሳይጠብቅ ራሱ ላይ እንዲፈርድ ማድረግ።

ጸሐፊው አባቶች ሁሉ ዓለማዊ መጽሐፍን ከልክለዋል ያሉት ደግሞ ቅዳሴው በስሙ የሚጠራውን ቅዱስ ባስልዮስን ረስተው ነው። ባስልዮስ ለወጣቶች ባደረገው ንግግር የግሪክ ባለ ቅኔዎችን እንዴት ማንበብ እንዳለባቸው መከራቸው፤ ንብ ከየአበባው የሚጠቅማትን ወስዳ ሌላውን እንደምትተው ሁሉ እንዲሁ አድርጉ አለ። መምረጥን አስተማረ፤ አታንብቡ አላለም።

ኀጢአተኛን ጀግና ማድረግ የሚለውን ክስ ሳነብ ፈገግ ማለቴን አልደብቅም። በየካቲት 16፣ በኪዳነ ምሕረት በዓል፣ በየአጥቢያው የሚተረከው የማን ታሪክ ነው? የበላዔ ሰብእ አይደለም እንዴ? ሰባ ስምንት ሰው የበላ፣ ቤተሰቡን እንኳ ያልማረ ሰው። በውኃ ጥም የተቃጠለ ለምጻም ደጋግሞ ሲለምነው በሌላው ስም እምቢ ብሎ፣ በእመቤታችን ስም ሲለምነው ብቻ ጥርኝ ውኃ ሰጠው። በሚዛን ላይ የሰባ ስምንቱ ነፍስና ያቺ ጥርኝ ውኃ ሲቀመጡ ውኃዋ አመዘነች። ይህን የአጥቢያው አሮጊት፣ ሕፃንና ጎረምሳ ሁሉ ሰምቶ አድጓል። ከጽንሰ ሐሳቡ ድፍረት ጋር የሚስተካከል ሴራ ያለው ዘመናዊ የአማርኛ ልብ ወለድ ካለ ጸሐፊው ይጠቁሙኝ። ሙሴ ጸሊም ሽፍታ ነበረ፤ ማርያም ግብጻዊት ዘማ ነበረች። ገድላቸው ሲነበብ አንባቢው ያለቀሰው ኀጢአታቸው ተቆርጦ ስለቀረ አይደለም፤ ጥልቀቱ ስለተነገረ ነው።

ጸሐፊው ምናልባት “እነዚያ ንስሐ ገብተዋል፣ የልብ ወለዱ ሌባ ግን ሳይጸጸት ያልቃል” ይሉኝ ይሆናል። ይህ ጠንካራ መከራከሪያ ነው፤ እርሳቸው ግን አላነሡትም። ቢያነሡት ስለ አንዳንድ መጻሕፍት እውነት ሆኖ ይገኝ ነበር፤ ስለ ሁሉም ግን አይደለም።

አሁን ጽሑፉ በስም ወደጠራው ብቸኛ መጽሐፍ ደርሰናል፤ ሰፋ አድርጌ የምቆይበትም እዚህ ነው። ጸሐፊው “ፍቅር እስከ መቃብር” ካህናትን ለማዋረድ የተጻፈ፣ ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ ትውልድን ያበላሸ መጽሐፍ ነው ይላሉ። ምስክራቸው በመጽሐፉ ውስጥ ልማዱንና ካህናቱን የሚተቸው ጉዱ ካሳ ነው። የሚገርመው፣ ቤተ ክርስቲያንን የሚጠሉት ሰዎችም ምስክራቸው ያው ጉዱ ካሳ ነው። ሁለቱም ወገን አንዱን ገጸ ባሕርይ ከመጽሐፉ ነቅሎ አውጥቶ፣ አንዱ ባንዲራ ሌላው ዒላማ አድርጎታል።

የመጽሐፉ ደራሲ ሐዲስ ዓለማየሁ የቄስ ልጅ ናቸው። ጎጃም ተወልደው በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ የቤተ ክህነት ትምህርት የተማሩ ሰው ናቸው። ዋናውን ገጸ ባሕርይ በዛብህን ወደ ዲማ የላኩት ከሩቅ ሰምተው አይደለም፤ የተማሪውን ጎጆ፣ የመምህሩን ቁጣ፣ የቅኔውን ጭንቀት ኖረውበታል። በመጽሐፉ ውስጥ ስለ ቅኔ ቤት ሕይወት ያለው ክፍል ከብዙ የቤተ ክህነት መጻሕፍት ይልቅ ያን ሕይወት ለማያውቅ ከተሜ አስተዋውቋል፣ አስወድዷልም። ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው ደግሞ ማንበብ የማይችለውም ሰማ። ከዚያ በኋላ ዲማ ጊዮርጊስን በስሙ የሚያውቀው ሰው በዝቷል፤ ለገዳሙ ይህ ውርደት የሚሆነው እንዴት ነው?

ልብ ወለዱ የሚሞግተው ነገር አለ፣ አልክድም። በዛብህ የሚወዳትን የሰብለ ወንጌልን አባት፣ የፊታውራሪ መሸሻን ትዕቢት ይሞግታል። ዝምድናን ከፍቅር ያስበለጠውን ልማድ ይሞግታል። የበዛብህ ወላጆች ገና ሕፃን ሳለ ለእግዚአብሔር ሊሰጡት ስለ ተሳሉት ስለት ደግሞ ጥያቄ ያነሣል፦ በሌላ ሰው ዕድሜ መሳል ይቻላል ወይ? ይህ ጥያቄ ከቤተ ክርስቲያን ውጭ ለቆመ ሰው ትርጉም የለውም። ስለቱን የማያምንበት ሰው ጥሶት ይሄዳል፣ አለቀ። በዛብህ ግን ያምናል፤ ስለዚህ ነው የሚሠቃየው። መጽሐፉን አሳዛኝ ያደረገው እምነት መኖሩ እንጂ መጥፋቱ አይደለም። መጨረሻውስ? ሰብለ ወንጌል መንኩሳ ነው የምታልቀው። ደራሲው ቤተ ክርስቲያንን ሊያፈርስ ቢነሣ ኖሮ ጀግናይቱን ለምንኩስና አሳልፎ አይሰጣትም ነበር።

በካህናት መቀለድ ደግሞ ከልብ ወለድ በፊት የነበረ፣ ከቤተ ክህነቱ ግቢ የወጣ ጨዋታ ነው። አለቃ ገብረ ሃናን ማን ያላወቀ አለ? በሳቸው ስም የሚነገረው ቀልድ ቄሱንም፣ ባለጸጋውንም፣ ሚስታቸውንም አይምርም። ቀልዱን ለኛ ያቆዩልን ደግሞ ደብተራዎቹና የቆሎ ተማሪዎቹ ናቸው። እኚሁ ሰው ትልቅ የአቋቋም ሊቅ ነበሩ፤ ያመነጩት ዝማሜ በልጃቸው በተክሌ ስም ተጠርቶ ዛሬም በበዓላት ማኅሌት ይቆምበታል። የሚሳለቀው አፍና የሚዘምረው አፍ አንድ ነበር። ቅኔውንም አስቡት። ቤተ ክርስቲያን ከአጭሩ ጉባኤ ቃና እስከ ረዥሙ መወድስ፣ በየበዓሉ አዲስ ቅኔ ትጠይቃለች፤ ትናንት የተቀኙትን ዛሬ መድገም ነውር ነው። በየቀኑ አዲስ ነገር ፍጠሩ እያለች ያሳደገችውን ልጅ፣ አድጎ በአማርኛ ሲፈጥር ባዕድ ነህ ማለት ከየት የመጣ ነው? ደብረ ኤልያስ ቅኔ የተማረው ዮፍታሔ ንጉሤ ተውኔት ጻፈ። የቅኔ ሊቁ የአለቃ ለማ ልጅ መንግሥቱ ለማ በአማርኛ ኮሜዲ አሳቀን፤ የአባቱንም ትዝታ በመጽሐፍ አቆየልን። ይህ ሰልፍ ረዥም ነው።

ጸሐፊው “የአማርኛ ጽሑፍ የክርስቲያን ርስት ነው” የሚል መንፈስ ያለው አንቀጽም አስገብተዋል። ወሎ ላይ አማርኛ በዐረብኛ ፊደል ተጽፎ መንዙማ ሲዜምበት ኖሯል። ሼህ ጦልሃ ጃዕፈር ከታላላቆቹ የአማርኛ ባለ መንዙማዎች አንዱ ናቸው። የሼህ ሁሴን ጅብሪል ግጥም ደግሞ በሙስሊሙም በክርስቲያኑም አፍ ያለ ነው፤ ስንቱ ቄስ “ሼህ ሁሴን እንዳሉት” ብሎ ሲጀምር ሰምተናል። የሕዝብ ሥነ ጽሑፍ ስንል ይህም አብሮ ይቆጠራል።

የጸሎት ጊዜ ይሻማል ለተባለው ብዙ አልልም። የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግም ይሻማል፤ በርሱ ላይ የተጻፈ ተግሣጽ ግን እስካሁን አላየሁም።

ወጣቱ በልብ ወለድ ምክንያት ከቤተ ክርስቲያን ኮበለለ ለሚለው ጸሐፊው ያቀረቡት ማስረጃ የለም፤ እኔ ግን ቁጥር አለኝ። በ1987ቱ የሕዝብና ቤት ቆጠራ የኦርቶዶክስ ምእመናን 50.6 በመቶ ነበሩ፤ በ1999ኙ ቆጠራ 43.5 በመቶ ሆኑ። ቅናሹ ያሳስባል፣ ከጸሐፊው ጋር እጨነቃለሁ። ነገር ግን በዚያው ጊዜ ፕሮቴስታንቱ ከ10.2 ወደ 18.6 በመቶ ሲያድግ፣ ሙስሊሙ ከ32.8 ወደ 33.9 በመቶ ነው የደረሰው። ቆጠራው ማን ከየት ወዴት እንደሄደ አይነግረንም፤ የወሊድ መጠን ልዩነትም አለበት። ሆኖም ልብ ወለድ እያነበበ እምነት የለሽ የሆነ ሕዝብ በዚህ ሠንጠረዥ ውስጥ አይታይም። የሄደው ሰው የሄደው ወደ ሌላ ስብከት ነው። ጥቂት ሺህ ቅጂ የሚታተም መጽሐፍ ይህን ያህል ሚሊዮን ሕዝብ አንቀሳቀሰ ማለት ለደራሲዎቻችን ያላቸውን ኃይል ሳይሆን የተመኙትን መስጠት ነው። ወጣቱ በሚገባው ቋንቋ ማን እንዳነጋገረው መጠየቅ ግን ለሰባኪው የቀረበ ሥራ ነበር።

ልክ ነው ያልኩት ክስ ይኸውና። ባለፉት ዓመታት ገዳም፣ የተሰወረ ብራና፣ ምሥጢራዊ ማኅበር፣ በዋሻ የተደበቀ የጥንት ጥበብ የሚያስሱ ልብ ወለዶች በዝተዋል፤ በጣምም ይሸጣሉ። አንዳንዶቹን በአንድ ሌሊት ጨርሻቸዋለሁ፤ ደስ ይላሉ። ችግሩ የሚጀምረው አንባቢው መጽሐፉን ዘግቶ ልብ ወለዱን ታሪክ ነው ብሎ ሲከራከርበት ነው። በታክሲ ውስጥ፣ በቡና ላይ፣ የልብ ወለድ ገጽ እንደ ታሪክ ማስረጃ ሲጠቀስ ሰምቻለሁ። እዚህ ላይ ከጥፋቱ የሚበዛው የደራሲውና የአሳታሚው ነው፤ የትኛው እውነት የትኛው ፈጠራ እንደሆነ ሆን ብለው ያደበዝዙታል፤ መደብዘዙ ያሻሽጣልና። መነኮሳቱም በመጽሐፉ ውስጥ ሥራቸው ምሥጢር መጠበቅ ብቻ ይሆናል። ጾም የለ፣ ሰዓታት የለ፣ የእርሻ ሥራ የለ። ይህ በካህን ከመቀለድ ይልቅ ያሳንሳቸዋል፤ ቀልዱ ቢያንስ ሰው መሆናቸውን ያውቃል።

ግን ይህን የፈጠረው የአንባቢው ረሃብ መሆኑን ጸሐፊው አላዩም። ስለ ገዳማቱ እውነተኛ ታሪክ፣ ስለ ብራናዎቹ፣ ስለ ሊቃውንቱ ሕይወት፣ አንድ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ሳይሰለች የሚያነበው በአማርኛ የተጻፈ ስንት መጽሐፍ አለ? ያለው ወይ ለሊቃውንት ብቻ የሚገባ ነው፣ ወይ የተለመደ ውዳሴ ነው። ባዶውን ቦታ ልብ ወለዱ ሞላው።

በመጨረሻ የሚፈቀዱ መጻሕፍት ዝርዝር። ይህ አገር ሥነ ጽሑፍን ማገድ አዲሱ አይደለም። የተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ተውኔት በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ሹማምንቱን ነክቷል ተብሎ ታገደ። የአቤ ጉበኛ “አልወለድም” በ1955 ዓ.ም. ወጥቶ በንጉሡ መንግሥት ታገደ። የበዓሉ ግርማ “ኦሮማይ” በ1975 ዓ.ም. ከገበያ ተሰበሰበ፤ ደራሲውም በዓመቱ እንደወጣ ቀረ። ከሦስቱ አንዱንም ያሳገደ ሃይማኖት አይደለም፤ ሥልጣን ነው። ቤተ ክርስቲያን ከዚህ ሰልፍ ውጭ መቆየቷ ያኮራት ነበር፤ ጸሐፊው ግን ልትሰለፍ ይገባታል ይላሉ።

ዝርዝሩን የሚያወጣው ማን ነው? ደብሩ? ሀገረ ስብከቱ? የሰንበት ትምህርት ቤቱ ሥራ አስፈጻሚ? “ወዳጄ ልቤ” ምሳሌ ስለሆነ ይለፍ፣ “ፍቅር እስከ መቃብር” ይቅር ሊባል ነው? ጽሑፉ አይመልስም። ከሐዲስ መጽሐፍ በቀር አንድም ልብ ወለድ በስም አልጠራም፣ አንድም ገጽ አልጠቀሰም። ጸሐፊው ክሳቸውን ደግመው የሚጽፉ ከሆነ የመጽሐፉን ስምና ገጹን ይጥቀሱ፤ እኔም ያንኑ ገጽ ገልጬ እመልሳለሁ።